ሃቲ ማክዳንኤል፦ ገረድ ሆና ተጫውታ ኦስካር የተሸለመችው ተዋናይ



ከጥቂት ጊዜ በፊት እዚሁ አሽዶድ አንዲት እናት ለምክር ወደ እኛ መጥተው ነበር። ልጃቸው በትምህርት ቤት በሚዘጋጅ ቲያትር ላይ እንድትጫወት ተመርጣ፣ የተሰጣት ቦታ ግን የጽዳት ሠራተኛዋ በመሆኑ እጅግ አዝነዋል። እናትየዋ ራሳቸው ከሃያ ዓመት በላይ ኒቃዮን ሲሠሩ የኖሩ ናቸው። እሳቸው መጥረጊያ የያዙት ልጃቸው በጨዋታ እንኳን እንዳትይዝ ብለው መሆኑን እንባ እየተናነቃቸው ነገሩን። ልጅቱ በበኩሏ ቦታውን ወድዳዋለች፤ ከቲያትሩ ሁሉ ሰው የሚያስቀው እሱ ነውና አልለቅም ብላለች። ሁለቱም እውነት ነበራቸው። ያን ቀን ቶሎ የሚሰጥ መልስ አላገኘንም። ማታ ቤታችን ከገባን በኋላ ግን ስለ አንዲት አሜሪካዊት ተዋናይ ስናስብ አመሸን፤ ይህን ጽሑፍ ለማዘጋጀት የተነሣነውም በዚሁ ምክንያት ነው።

ስሟ ሃቲ ማክዳንኤል ይባላል። ስሟን የማያውቅ እንኳ መልኳን ሳያይ አልቀረም። ከአንባቢዎቻችን መካከል በኢትዮጵያ ከተሞች የተማሩት «ነገም ሌላ ቀን ነው» የተባለውን መጽሐፍ ያስታውሱ ይሆናል። ነቢይ መኮንን በደርግ ዘመን በማዕከላዊ እስር ቤት ሳለ በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ እየጻፈ የተረጎመው፣ የአሜሪካዊቷ ደራሲ የማርጋሬት ሚቼል ትልቅ ልብ ወለድ ነው። በዚያ ታሪክ ውስጥ ስካርሌት የምትባለውን የባለጸጋ ልጅ ያሳደገች፣ የምትቆጣት፣ የምትመክራት፣ ማሚ የምትባል ጥቁር ባሪያ አለች። መጽሐፉ በ1939 «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» በሚል ስም ፊልም ሲሆን ማሚን ሆና የተጫወተችው ሃቲ ናት። (እዚህ ጽሑፍ ላይ ያሉት ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ሃቲ ጁን 10 ቀን 1893 በካንሳስ ግዛት ዊችታ በምትባል ከተማ ተወለደች። ለአሥራ ሦስት ልጆች የመጨረሻዋ ነበረች። አባቷም እናቷም በባርነት ተወልደው በባርነት ያደጉ ሰዎች ናቸው። አባቷ ሄንሪ ማክዳንኤል በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ጊዜ ከሰሜኑ ጦር ጋር ተሰልፎ የተዋጋ ወታደር ነበር፤ ከጦርነቱ በኋላ ጤናው ታውኮ የጦር ጡረታውን ለማስከበር ለብዙ ዓመታት ከመንግሥት ጋር ተከራክሯል። ቅጽ ይዞ ከመስኮት ወደ መስኮት የተመላለሰ ሰው ሁሉ ይህን ያለ ማብራሪያ ይረዳዋል። እናቷ ሱዛን በሰው ቤት ትሠራ ነበር፤ በቤተ ክርስቲያንም የምትዘምር ድምፀ መልካም ሴት ነበረች።

ቤተሰቡ ኋላ ወደ ኮሎራዶ ግዛት፣ ወደ ዴንቨር ተሻገረ። ሃቲ በትምህርት ቤቷ ከነበሩት በጣም ጥቂት ጥቁር ተማሪዎች አንዷ ነበረች። በ1910 አንድ የሴቶች ማኅበር ባዘጋጀው የንባብ ውድድር ላይ ግጥም በቃሏ አቅርባ የወርቅ ሜዳሊያ አገኘች። ከዚያ ወዲህ ትምህርቱን ትታ መድረኩን ያዘች። ወንድሟ ኦቲስ ትርኢት የሚጽፍና ቡድን የሚመራ ነበር፤ በ1914 ደግሞ ሃቲ ከእኅቷ ከኤታ ጋር ሴቶች ብቻ የሚጫወቱበት የራሳቸውን ቡድን አቋቋሙ።

እዚህ ላይ ጥቂት ማስረዳት ያስፈልጋል። በዚያ ዘመን በአሜሪካ የተለመደ የመድረክ ጨዋታ ነበር፤ ነጮች ፊታቸውን ጥላሸት ተቀብተው ጥቁር መስለው ይወጡና በጥቁሮች ላይ ይሳለቃሉ። ከጊዜ በኋላ ጥቁሮቹ ራሳቸው በዚያው መልክ ይጫወቱ ጀመር፤ ሌላ የመድረክ ሥራ አልነበረምና። ሃቲም ፊቷን አጥቁራ ገረድ ሆና ትወጣ ነበር። ታሪኳን ያጠኑ ሰዎች እንደሚሉት ግን የእሷ ገረድ የምትሳቅባት ሳትሆን የምትስቅባቸው ነበረች፤ በሚያይዋት ጥቁር ተመልካቾች ፊት ጌቶቹን ታሾፍባቸው ነበር። እኛ አገር የአዝማሪን ቅኔ የሰማ ሰው ነገሩ አይጠፋውም፤ ሰሙ ለጌታው፣ ወርቁ ለሚገባው ነው።

ሐዘን ገና በወጣትነቷ ደረሰባት። የመጀመሪያ ባሏ ፒያኖ ተጫዋቹ ሃዋርድ ሂክማን በተጋቡ በአራተኛው ዓመት በ1915 ሞተባት። በዓመቱ ወንድሟ ኦቲስም ሞተ። ቢሆንም አልተቀመጠችም። በ1920ዎቹ ከጆርጅ ሞሪሰን የሙዚቃ ጓድ ጋር እየዞረች ዘፈነች፤ በዴንቨር ሬድዮ ጣቢያ ድምፅዋ ከተሰማ የመጀመሪያዎቹ ጥቁር ሴቶች አንዷ ሆነች፤ ከ1926 እስከ 1929 ባሉት ዓመታትም ራሷ የደረሰቻቸውን ጨምሮ የብሉዝ ዘፈኖችን በሸክላ አስቀረጸች። ዛሬ ሰው የሚያውቃት በፊልሙ ብቻ መሆኑ እኛን ይቆጨናል፤ ዘፋኟ ሃቲ ተረስታለች።

በ1929 የአሜሪካ ገንዘብ ገበያ ሲወድቅ ትሠራበት የነበረው ትርኢት ተበተነና ሚልዋኪ በምትባል ከተማ ያለ ሥራ ቀረች። ያገኘችው ሥራ በአንድ የምሽት ክበብ ውስጥ የሴቶች መጸዳጃ ቤት ጠባቂነት ነበር። ሜዳሊያ የተሸለመች፣ ሸክላ ያስቀረጸች፣ ሠላሳ ስድስት ዓመት የሞላት ሴት ፎጣ እያቀበለች ጉርሻ ትቀበላለች። አገሩ መምህር ወይም ቄስ ወይም የወረዳ ሹም የነበረ ሰው እዚህ መጥቶ ምን እንደሠራ ለምናውቅ ለእኛ ይህ እንግዳ ታሪክ አይደለም። አንድ ምሽት ክበቡ ዘፋኝ ሲያጣ ተነሥታ ዘፈነች፤ ከዚያ በኋላ ወደ ፎጣው አልተመለሰችም።

በ1931 ወንድሟ ሳምና እኅቶቿ ወደነበሩበት ወደ ሎስ አንጀለስ ሄደች። ሳም በአንድ የሬድዮ ፕሮግራም ይሠራ ስለነበር እሷንም አስገባት፤ እዚያም የማትፈራ፣ አለቅነት የሚያምራት ገረድ ሆና በሰፊው ታወቀች። የሚከፈላት ግን እዚህ ግባ የሚባል ስላልነበረ ቀን በእውነተኛ ሰው ቤት ገረድነት ትሠራ ነበር። እንግዲህ አስቡት፤ ቀን ገረድ፣ ማታ ደግሞ በሬድዮ የገረድ ተጫዋች።

ፊልም ውስጥ የገባችው በ1932 ነው። በመጀመሪያ ስሟ እንኳ የማይጻፍባቸው ትናንሽ ቦታዎች ነበሩ፤ በር መክፈት፣ ትሪ ይዞ መግባት፣ አንድ ቃል ተናግሮ መውጣት። በ1934 «ጃጅ ፕሪስት» በተባለው የጆን ፎርድ ፊልም ላይ ከዝነኛው ዊል ሮጀርስ ጋር ስትዘፍን ሰው ልብ አላት። በ1935 ከሕፃኗ ሸርሊ ቴምፕል ጋር ተጫወተች። በዚያው ዓመት «አሊስ አዳምስ» በተባለው ፊልም ላይ ያላት ቦታ እኛ በጣም የምንወደው ነው። ደኅና ኑሮ ያለው ለመምሰል የሚጣጣር ድሃ ቤተሰብ፣ ባለጸጋውን እንግዳ ለመቀበል ለአንድ ምሽት ብቻ ገረድ ይቀጥራል፤ ሃቲ ያችን ገረድ ሆና ማስቲካ እያኘከች፣ የራስ መሸፈኛዋ ዓይኗ ላይ እየወረደባት፣ ግድ ሳይሰጣት ምግብ ታቀርባለች። አንዲት ክፉ ቃል ሳትናገር የቤቱን ማስመሰል ሁሉ ታጋልጠዋለች። በ1936 ደግሞ «ሾው ቦት» ላይ ከታላቁ ዘፋኝ ከፖል ሮብሰን ጋር ሠራች። በጠቅላላው ስሟ የተጻፈባቸው ፊልሞች ከሰማንያ ይበልጣሉ፤ ያልተጻፈባቸው ከዚያም የበዙ ናቸው።

ከዚያ «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» መጣ። የማሚን ቦታ ለማግኘት ብዙዎች ተወዳድረዋል። የፕሬዚዳንት ሩዝቬልት ቤት ሠራተኛ የነበሩት ኤሊዛቤት ማክዳፊ እንኳ ተፈትነው ነበር። ሃቲ ለፈተናው የገረድ ልብሷን ለብሳ መጣች ይባላል፤ አዘጋጁ ዴቪድ ሴልዝኒክም እሷን መረጠ። ፊልሙን ያያችሁ ደረጃውን እየወጡ የሚያለቅሱበትን ክፍል ታስታውሳላችሁ። የቤቱ ትንሽ ልጅ ከፈረስ ወድቃ ሞታለች፤ አባትየው አብዷል፤ ማሚ ከሜላኒ ጋር ወደ ላይ እየወጣች ባልና ሚስት በሐዘን እንዴት እንደተበላሉ ትነግራታለች። እስከዚያ ድረስ ሲያስቀን የነበረ ፊት በዚያ ደረጃ ላይ ሌላ ሆነ። ሽልማቱን ያመጣላት ያ ክፍል ነው ብለን እናምናለን።

ፊልሙ ዲሴምበር 15 ቀን 1939 በአትላንታ ሲመረቅ ከተማው በሙሉ በዓል አደረገ። ሃቲ ግን አልተገኘችም፤ በጆርጂያ ግዛት ሕግ መሠረት ጥቁር ከነጭ ጋር በአንድ አዳራሽ መቀመጥ አይችልም ነበር። አብሯት የተጫወተው ክላርክ ጌብል ይህን ሰምቶ እኔም አልሄድም እንዳለና እሷው ራሷ ለምና እንደላከችው ይነገራል።

የኦስካር ምሽት ፌብሩዋሪ 29 ቀን 1940 ነበር። የተደረገበት አምባሳደር ሆቴል በሎስ አንጀለስ ሲሆን፣ ሆቴሉ ጥቁር እንግዳ አያስገባም ነበር። ሴልዝኒክ ለምኖ አስፈቅዶላት ገባች፤ የፊልሙ ሰዎች አንድ ላይ ሲቀመጡ እሷ ግን ከዳር፣ ግድግዳ አጠገብ፣ ለብቻ በተዘጋጀች ትንሽ ጠረጴዛ ከአጃቢዋና ከወኪሏ ጋር ተቀመጠች። በጠጉሯ ላይ ነጫጭ ጋርዴኒያ አበቦች አድርጋ ነበር። ስሟ ሲጠራ ከዚያች ጠረጴዛ ተነሥታ አዳራሹን አቋርጣ ሄደች። ለዘርዋና ለፊልም ሙያ መኩሪያ ለመሆን ምኞቷን ተናግራ እያለቀሰች ወደ ጠረጴዛዋ ተመለሰች። ኦስካር ያገኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሰው ናት። በዚያ ጊዜ ለረዳት ተዋናዮች የሚሰጠው እንደ ዛሬው ሐውልት ሳይሆን ጠፍጣፋ ሰሌዳ ነበር። ከእሷ በኋላ ሌላ ጥቁር ሴት ለትወና ኦስካር ያገኘችው በ1991 ነው፤ ሁፒ ጎልድበርግ። በመካከሉ 51 ዓመት አለፈ።

አንድ ሰው ይህን ያህል ከፍ ካለ በኋላ ምን ይሰጡታል ብላችሁ ትጠብቃላችሁ? ለሃቲ የተሰጣት ሌላ ገረድ ነበር፤ ከዚያም ሌላ ገረድ። በሌላ በኩል የገዛ ወገኖቿ ይወቅሷት ጀመር። የጥቁሮችን መብት የሚያስከብረው የታላቁ ማኅበር ዋና ጸሐፊ ዋልተር ኋይት በ1942 ወደ ሆሊውድ ሄደው ከስቱዲዮ ባለቤቶች ጋር ተነጋገሩ፤ ጥቁር ሰው በፊልም ላይ ሁልጊዜ ሎሌና ጅል ሆኖ መታየቱ ይቅር አሉ። ነጩ ተመልካች ስለ ጥቁር ሰው የሚያውቀው በፊልም ያየውን ነውና እውነታቸውን ነው። ነገር ግን በስብሰባው ላይ ኑሯቸው በዚያ ሥራ የቆመውን ጥቁር ተዋናዮች አልጠሩም። ያለ እኛ ስለ እኛ የሚደረግ ስብሰባ ምን እንደሚመስል በሥራችን ብዙ ጊዜ ስላየን፣ ሃቲ የተሰማትን መራራነት እንረዳዋለን። የሰጠችው መልስ የታወቀ ነው፤ በሳምንት በሰባት ዶላር ገረድ ከመሆን በሰባት መቶ ዶላር ገረድ ሆኖ መጫወት ይሻላል የሚል ትርጉም ነበረው። ብዙዎች በዚህ ይስቃሉ። እኛ ግን ሰባቱን ዶላርም በእጇ ይዛ የምታውቅ ሴት የተናገረችው መሆኑን አንረሳም።

ፍርዱ ቀላል አይደለም። በ1946 የተጫወተችበት «ሶንግ ኦፍ ዘ ሳውዝ» የባርነትን አገር እንደ ገነት አስመስሎ የሚያሳይ በመሆኑ ገና ያኔ ተቃውሞ ተነሥቶበታል፤ እኛም እዚያ ፊልም ውስጥ ባትገባ ኖሮ እንላለን። በ1942 የተሠራው «ኢን ዚስ አወር ላይፍ» ግን ሌላ ነው። አሁንም የቤት ሠራተኛ ናት፤ ልጇ ሕግ የሚማር ጎበዝ ወጣት ሲሆን፣ አንዲት ነጭ ሴት በመኪና ሰው ገድላ በእሱ ላይ ታላክካለች። ሃቲ ልጄ ቤት ነበር፣ ፖሊስ ግን የእኛን ቃል አይሰማም የምትለውን እናት ሆና ስትጫወት አንዲት የሚያስቅ ነገር የለባትም። በአገራችን በ2015 እና በ2019 ወጣቶቻችን ለምን ሰልፍ እንደወጡ የሚያስታውስ ወላጅ ያንን ፊልም ቢያየው መልካም ነው።

መግቢያው ላይ ላነሣናቸው እናት ይህን ታሪክ ስንነግራቸው ስለ ሽልማቱ አልጠየቁንም። የጠየቁት ልጅ ነበራት ወይ ብለው ነው። አልነበራትም። በ1944 አርግዣለሁ ብላ ተደስታ ነበር፤ የሕፃን ዕቃ ገዛች፣ ወዳጆቿ ስጦታ አመጡ፤ በኋላ ግን እርግዝናው እውነተኛ አለመሆኑን ሐኪሞች ነገሯት። በዚህ ሐዘን ብዙ ጊዜ ቆየች፤ ከባሏም በ1945 ተፋታች። አራት ጊዜ አግብታ በመጨረሻ ብቻዋን ቀረች።

አሁን ስለ ቤቷ እንናገር፤ ከኦስካሩ ይልቅ ይህኛው ለእኛ ቅርብ ነው። ሃቲ በ1940ዎቹ መጀመሪያ በሎስ አንጀለስ ሹገር ሂል በሚባለው ሽኹና ሰፊ ቤት ገዛች። ሌሎች ሀብት ያገኙ ጥቁሮችም ገዝተው ገብተው ነበር። በዚያ ዘመን ግን ነጮቹ ባለቤቶች ቤታቸውን ለጥቁር ላለመሸጥ በጽሑፍ ይዋዋሉ ነበርና፣ ይህን ውል ጠቅሰው የተወሰኑ ጎረቤቶች እንዲያስወጧቸው ፍርድ ቤት ከሰሷቸው። ሃቲ እና ጎረቤቶቿ ሸሽተው አልወጡም። ቅዳሜ ቅዳሜ ቤቷ እየሰበሰበች መከረች፤ ሎረን ሚለር የተባለውን ጥቁር ጠበቃ ያዙ። በዲሴምበር 1945 ዳኛው ቱርሞንድ ክላርክ በሕገ መንግሥቱ ለጥቁሮች የተሰጠው መብት ሙሉ በሙሉ የሚከበርበት ጊዜ ደርሷል ብለው ክሱን ጣሉት። በ1948 የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በሌሎች ጉዳዮች ላይ እንዲህ ዓይነቱን ውል ፍርድ ቤቶች እንዳያስፈጽሙ ወሰነ፤ ሎረን ሚለርም በዚያ ክርክር ከጠበቆቹ አንዱ ነበር። ከአሽዶድ ብዙ በማትርቀው በቂርያት ማላኺ በ2012 መጀመሪያ፣ ነዋሪዎች ለኢትዮጵያውያን ቤት ላለመሸጥና ላለማከራየት ተስማምተዋል ተብሎ በተሰማ ጊዜ ወገኖቻችን በብዛት ወጥተው እንደተቃወሙ የማያስታውስ የለም። ገረድ ብቻ ነሽ ተብላ የተወቀሰችው ሴት በቤት ጉዳይ ግን ከነቀፏት ሰዎች ብዙዎቹ ያላደረጉትን አድርጋለች።

በኖቬምበር 1947 «ቡላ» የተባለው የሬድዮ ድራማ ዋና ተዋናይ ሆነች። ቡላም ገረድ ናት! ከእሷ በፊት ግን የቡላን ድምፅ ይሠሩ የነበሩት፣ ብታምኑም ባታምኑም፣ ነጭ ወንዶች ነበሩ። ሃቲ ስትገባ የባሪያ አነጋገር ተብሎ የሚቀርበውን የተሰባበረ እንግሊዝኛ አልናገርም ብላ ተዋውላ ገባች። በሬድዮ በአገር አቀፍ ደረጃ የራሷ ፕሮግራም ያላት የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት ሆነች፤ ሚሊዮኖች ያዳምጧት ነበር። ድራማው ወደ ቴሌቪዥን ሲዛወር ጥቂት ክፍሎችን ሠርታ ታመመች። የጡት ካንሰር ነበር። ኦክቶበር 26 ቀን 1952 ለፊልም ሠራተኞች በተሠራው የሕሙማን ቤት በ59 ዓመቷ አረፈች። በአዲስ አበባ በእነዚያው ዓመታት ነው አስናቀች ወርቁ ወደ መድረክ የወጣችው፤ ከእሷ በፊት በቲያትራችን የሴቷን ቦታ ወንዶች ቀሚስ ለብሰው ይጫወቱት ነበር።

ሃቲ ከመሞቷ በፊት በሆሊውድ መቃብር እንድትቀበር ተናዝዛ ነበር፤ የሙያ ጓደኞቿ ያረፉት እዚያ ነውና። መቃብሩ ለነጮች ብቻ ነው ተብሎ ተከለከለች። መቃብር ለእኛ ሽማግሌዎች ምን ማለት እንደሆነ እናውቃለን፤ ኑዛዜ መጣስ ምን እንደሆነም እናውቃለን። የተቀበረችው ለሁሉም ዘር ክፍት በነበረው በሮዝዴል መቃብር ነው። የተረፋት ገንዘብ ዕዳዋን እንኳ አልከፈለም፤ የግብር መሥሪያ ቤቱ የሚጠይቃት ከንብረቷ በልጦ ተገኘ። በ1999 የሆሊውድ መቃብር አዲስ ባለቤት አስከሬኗን እናዛውር ብሎ ሲጠይቅ ዘመዶቿ እንዳይነካ ፈለጉ፤ በምትኩ በግቢው ውስጥ የመታሰቢያ ሐውልት ቆመላት። በ2006 ምስሏ በአሜሪካ ቴምብር ላይ ወጣ። በ2010 ሞኒክ የተባለችው ጥቁር ተዋናይ ያንኑ ሽልማት ልትቀበል ስትወጣ ሃቲ በዚያ ምሽት እንዳደረገችው በጠጉሯ ላይ ነጭ ጋርዴኒያ አድርጋ ነበር።

የኦስካር ሰሌዳዋን ሃቲ ለሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ተናዝዛለታለች፤ በዋሽንግተን የሚገኝ የጥቁሮች ታላቅ የትምህርት ቤት ነው። ሰሌዳው ተማሪዎች በሚያዩበት ቦታ ለዓመታት ተቀምጦ ከቆየ በኋላ በ1960ዎቹ መጨረሻ ወይም በ1970ዎቹ መጀመሪያ ጠፋ። ማን እንደወሰደው እስካሁን አልታወቀም። ኦክቶበር 1 ቀን 2023 የፊልም አካዳሚው በምትኩ አዲስ ሰሌዳ አሠርቶ ለዩኒቨርሲቲው አስረከበ፤ በሥነ ሥርዓቱ ላይ ከቤተሰቧ የተረፉ ዘመዶቿም ተገኝተው ነበር።